ነቬያ፦ ከኋላ ወደ ፊት የሚነበብ ሰማይ

አክስቴ አሜሪካ፣ ሜሪላንድ ስቴት ውስጥ፣ ቤቷ ሆና የሰው ልጆች በመጠበቅ ነው የኖረችው። ከዓመታት በፊት አንድ ማታ ደወለችና አዲስ ስለመጣች ሕፃን አወራችኝ።

«ስሟ ነቬያ ነው» አለች። «ምን ማለት ነው ብዬ እናትየዋን ብጠይቃት፣ መንግሥተ ሰማያት ነው፣ ግን ተገልብጦ ነው አለችኝ።»

ትንሽ ዝም አለች። ከዚያ ድምጿን ቀነስ አድርጋ፣ «አንተ፣ መንግሥተ ሰማያት ከተገለበጠማ ሲኦል ሆነ እኮ!» አለችኝ።

ላስረዳት ሞከርኩ። በስልክ አልሆነልኝም። ነገሩ በጆሮ የሚገባ ሳይሆን በዓይን የሚታይ ነው። ደግሞ የአክስቴ ጥያቄ ቀላል አይደለም። አሜሪካኖች እንዲህ ያለውን ስም ከየት ነው የሚያመጡት? ምኑስ ይማርካቸዋል? እኛ «ምን ማለት ነው?» ብለን ስንጠይቅ የምንጠብቀውና እነሱ የሚመልሱልን አይገናኝም። ይህን አንድ ስም ተከትለን ብንሄድ ግን ብዙ ነገር ይፈታል። (ዓመቶቹን በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጽፋቸው።)

መጀመሪያ ግልበጣውን እንየው። በእንግሊዝኛ ሰማይም መንግሥተ ሰማያትም «ሄቨን» ነው። ሲጻፍ ስድስት ፊደል አለው፦ ኤች፣ ኢ፣ ኤ፣ ቪ፣ ኢ፣ ኤን። አሁን ከመጨረሻው ጀምራችሁ ወደ ኋላ ጻፉት፦ ኤን፣ ኢ፣ ቪ፣ ኤ፣ ኢ፣ ኤች። አለቀ። ስሙ ይሄው ነው።

የተገለበጠው ጽሕፈቱ ነው እንጂ ድምፁ አይደለም። «ሄቨን» የሚለውን ድምፅ ቀድታችሁ ከኋላ ብታጫውቱት «ነቬያ» አይወጣም። በእኛ ፊደል ብንገለብጠውማ «ንቨሄ» ነው የሚሆነው። በዚህ ስም ልጁን ከውጭ የሚጣራ አባት ካለ እግዜር ይርዳው።

ታዲያ መጨረሻ ላይ ያለችው «ያ» ከየት መጣች? እዚህ ላይ ነው ነገሩ የሚያምረው። ኤች የምትባለዋ ፊደል ሄቨን ውስጥ በር ላይ ቆማ «ሄ» ትላለች። ስትገለበጥ መጨረሻ ላይ ታርፍና ድምጿ ይጠፋል። እንግሊዝኛ ውስጥ ደግሞ ድምፅ አልባ ኤች መጨረሻቸው ላይ ያለ የታወቁ የሴት ስሞች አሉ፦ ሳራ፣ ሐና፣ ሊያ። ሦስቱም የመጽሐፍ ቅዱስ ሴቶች ናቸው። ስለዚህ አሜሪካዊው አንባቢ ስሙን ገና ሲያየው ዓይኑ «ይሄ የሴት ስም ነው፣ ደግሞ የድሮ ይመስላል» ይለዋል። አፉም ሳይቸገር «ነ-ቬ-ያ» ይላል፤ መሃሏን ጠበቅ አድርጎ።

ይሄ ጥበብ አይደለም፣ ዕድል ነው። ሌሎች ቃላት ሲገለበጡ እንዲህ አይታዘዙም። ጸጋ ማለት «ግሬስ» ነው፤ ሲገለበጥ «ኤካርግ» ይሆናል፤ የትራክተር መለዋወጫ ይመስላል። ተስፋ ማለት «ሆፕ» ነው፤ «ኢፖ» ይወጣዋል። እምነት ማለት «ፌይዝ» ደግሞ ሲገለበጥ በኤች እና በቲ ይጀምርና ከአፍ አይወጣም። መልአክ የሚለው «ኤንጅል» ይሻላል፤ «ሌግና» ይሰጣል፤ በዚህ ስም የሚጠሩም አሉ። ጣልያንኛ የሚያውቅ ሰው ግን ፈገግ ይላል። በጣልያንኛ በእነዚሁ ፊደላት የሚጻፈው ቃል የማገዶ እንጨት ነው።

እስቲ በእኛም ሞክሩት። «ሰላም»ን ገልብጡ። «ምላሰ»። ምላስ ለመሆን አንዲት ቅጥያ ብቻ ነው የቀራት። «ገነት»ን ገልብጡ። «ትነገ»። ምንም። ሄቨን ግን ገና ሲጻፍ ከኋላው ሌላ ስም አርግዞ ነበር ማለት ነው።

አሁን ወደ ታሪኩ። ስሙን መጀመሪያ ማን እንዳወጣው ፈልጎ ማግኘት አይቻልም፤ ቃል መገልበጥ ማንም ቤቱ ቁጭ ብሎ የሚያደርገው ነገር ነው። ያስፋፋው ግን ይታወቃል። በ2000 የሳንዲዬጎው ፒ.ኦ.ዲ. የተባለ የሮክ ባንድ ዘፋኝ ሶኒ ሳንዶቫል ኤምቲቪ ላይ ቀረበ። ፕሮግራሙ የታዋቂ ሰዎችን ቤት የሚያስጎበኝ ነበር። ሳንዶቫል ክርስቲያን ነው፤ ባንዱም በከባድ ጊታር ስለ እምነት የሚዘፍን። ሕፃን ልጁን ይዞ ወጣና ስሟን ተናገረ። ነቬያ። ሄቨን ከኋላ ሲነበብ።

ከዚያ የሆነውን ቁጥሩ ይንገራችሁ። አሜሪካ ውስጥ ልጅ ሲወለድ ሶሻል ሴኩሪቲ ቁጥር ይወጣለታል። መሥሪያ ቤቱም በየዓመቱ የትኛው ስም ለስንት ልጅ እንደወጣ ይፋ ያደርጋል፤ መዝገቡ እስከ 1880 ወደ ኋላ ይሄዳል። በ1999 ነቬያ የተባሉ ሕፃናት 8 ብቻ ነበሩ። በአገሪቱ በሙሉ! በ2000 86 ሆኑ። በ2001 ከ1 ሺህ አለፉ፤ ስሙም ከመጀመሪያዎቹ 1 ሺህ ታዋቂ ስሞች ዝርዝር ውስጥ ሲገባ በር ላይ አልቆመም፣ ቀጥታ 266ኛ ላይ ገብቶ ተቀመጠ። በ2005 4,457 ልጆች ተሰየሙበት። በ2010 ከ6 ሺህ በላይ ሆነው 25ኛ ደረጃ ላይ ደረሰ። በደረጃ ጣሪያው እሱ ነበር። ከዚያ ወዲህ ቁልቁለት ነው።

በአንድ የቴሌቪዥን ብቅታ ይሄ ሁሉ? እኔ አይመስለኝም። ኤምቲቪ ክብሪቱን ጫረ እንጂ ጭዱ ቀድሞ የደረቀ ነበር። አክስቴ ዘንድ ልጇን ያመጣችው እናት ሳንዶቫልን ሰምታው ላታውቅ ትችላለች። ከጎረቤት፣ ከቤተ ክርስቲያን፣ ከወሊድ ክፍል ሰምታ ነው የወደደችው። ጥያቄው ለምን ወደደችው ነው።

አንደኛው መልስ ጆሮ ነው። በዚያን ጊዜ በአሜሪካ የሴት ስም ለስለስ ማለት ነበረበት። አናባቢ የበዛበት፣ በ«አ» ወይም በ«ያ» የሚያልቅ፣ ቢቻል መሃሉ ላይ «ቭ» ያለበት። ኦሊቪያ፣ ኤቫ፣ ሳቫና፣ ማያ፣ አሊያ። ነቬያን እዚህ መሃል ብትጥሏት ማንም እንግዳ ናት አይልም። አዲስ ሆና ሳለ የታወቀች ትመስላለች። አዲስ ስም የሚይዘውም እንዲህ ሲሆን ነው፤ ጭራሽ የማይመስል ነገር ከሆነ ሰው ይሸሸዋል።

ሁለተኛው መልስ ነፃነት ነው። አይስላንድ አዲስ ስም መርምሮ የሚያጸድቅ ኮሚቴ አላት። ኮሚቴው ካልፈቀደ ስሙ የለም። አሜሪካ እንዲህ ያለ አገራዊ አካል የላትም። እያንዳንዱ ስቴት የራሱ ደንብ ቢኖረውም ብዙውን ጊዜ ነገሩ ስለ ፊደልና ስለ ርዝመት ነው። ካሊፎርኒያ ለምሳሌ ከ26ቱ የእንግሊዝኛ ፊደላት ውጭ ምልክት አልቀበልም ስትል ለብዙ ዓመታት ኖራለች። ከዚያ መለስ ግን ወላጅ ያሻውን ይጽፋል። የሰማይን ስም ገልብጦ ቢያመጣ የሚጠይቀው የለም።

ሦስተኛው መልስ ብርቅነት ነው፤ እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ። ድሮ አሜሪካኖች ብርቅ ስም አይፈልጉም ነበር። ሜሪ ከ1880 ጀምሮ እስከ 1946 ያለማቋረጥ አንደኛ ነበረች። ስድሳ ምናምን ዓመት! በ1947 ሊንዳ ስትነጥቃት፣ በዚያ አንድ ዓመት ብቻ ወደ 100 ሺህ የሚጠጉ ሕፃናት ሊንዳ ተባሉ። ጄኒፈር ደግሞ ከ1970 እስከ 1984 አልጋውን ያዘች። አንድ ክፍል ውስጥ ሦስት አራት ጄኒፈር ይቀመጡ ነበር። አስተማሪው ጄኒፈር ኤ.፣ ጄኒፈር ቢ. እያለ ይጠራቸዋል። እነዚያ ልጆች አድገው እናት ሲሆኑ «የእኔ ልጅ ስሟን ከማንም ጋር አትካፈልም» አሉ። ይፈረድባቸዋል?

ውጤቱን ከቁጥሩ ታያላችሁ። በ2023 አንደኛ የወጣችው ኦሊቪያ ወደ 15 ሺህ ገደማ ልጆች ናት። አንደኛ መሆን ራሱ ድሮ የነበረው ክብደት የለውም፤ ሰዉ በአንድ ስም ከመከማቸት ተበታትኗል። ለብርቅነት እንኳ ወሰን አለ፦ በዓመት ከ5 ልጅ በታች የወጣለትን ስም መሥሪያ ቤቱ ለግላዊነት ሲባል አያትመውም። አራት ልጆች ብቻ የሚጠሩበት ስም በይፋ እንደሌለ ነው።

ችግሩ ምን መሰላችሁ? ብርቅ ስም ፈላጊው አንድ ሰው አይደለም። ሚሊዮን ወላጆች አንድ ዓይነት ጆሮ ይዘው፣ አንድ ዓይነት ቴሌቪዥን እያዩ፣ ለየት ያለ ነገር ይፈልጋሉ። ለየብቻቸው ወጥተው አንድ በር ላይ ይገናኛሉ። በ2000 ልጇን ነቬያ ያለች ወላጅ 85 ጓደኛ ብቻ ነበራት። በ2010 ያለችው ደግሞ፣ ብርቅ ስም አገኘሁ ብላ ልጇን ትምህርት ቤት ስትወስድ ሌላ ነቬያ በሩ ላይ ትጠብቃታለች።

ትርጉሙስ? አክስቴን ያስጨነቃት እሱ ነው። እኛ ዘንድ ስም ይናገራል። ምትኩ ሲባል ከፊቱ የሞተ ልጅ እንዳለ እንሰማለን። ማስረሻ ሲባል ያ ቤት የሚረሳ ነገር እንደነበረው እናውቃለን። ስሙ ራሱ ዓረፍተ ነገር ነው፤ መዝገበ ቃላት አያስፈልገውም።

የአሜሪካ ስሞች ብዙዎቹ በራሳቸው ቋንቋ አይናገሩም። ማዲሰንን ውሰዱ። በ1984 የወጣ አንድ ፊልም ላይ፣ ግማሽ አካሏ ዓሣ የሆነች ሴት ኒው ዮርክ ውስጥ ስትሄድ፣ አብሯት ያለው ሰው የት እንደደረሱ ለማወቅ የጎዳናውን ስም ያነባል፦ ማዲሰን። «ስሜ ማዲሰን ይሁን» ትላለች። ሰውዬው ይሄ እኮ ስም አይደለም ይላታል፤ ያኔ ለሴት ልጅ ስም አልነበረማ፣ ቀልዱም እሱ ነበር። በ2001 ማዲሰን በአሜሪካ ሁለተኛዋ ታዋቂ የሴት ስም ሆነች። ቀልዱ ተረስቶ ስሙ ቀረ።

አሁን ትርጉሙን ስሙ። ማዲሰን የድሮ የእንግሊዝ የቤተሰብ ስም ነው። መጨረሻው ላይ ያለችው «ሰን» ወንድ ልጅ ማለት ናት፤ የእገሌ ወንድ ልጅ። አዲሰንም «የአዳም ልጅ» ነው፣ ወንድ። ማኬንዚም እንዲሁ የወንድ ልጅ ነገር ነው። በእኛ ብታስቡት፣ ወለተ ማርያም መባል ያለባትን ልጅ ወልደ ማርያም ብሎ ክርስትና እንደማንሳት ነው። ማንም አሜሪካዊ ግን ግድ አልሰጠውም። ምክንያቱም ትርጉሙን ከስሙ ውስጥ አይፈልጉም። ትርጉሙ ወላጆቹ ስለ ስሙ የሚያወሩት ወሬ ውስጥ ነው። «አያቴ ስሟ ነበር»፣ «የተገናኘንበት ከተማ ነው»፣ «ሲገለበጥ ሰማይ ነው»።

ነቬያ እዚህ ላይ ሁለቱንም ነች። እንደ ማዲሰን ድምፅ ብቻ ናት፤ እንደ እኛ ስሞች ደግሞ ሆዷ ውስጥ ቃል አለ። ቅኔ ለሚያውቅ ሰው ነገሩ ቀላል ነው፦ ሰሙ ነቬያ፣ ወርቁ ሄቨን። ልዩነቱ፣ በቅኔ ሰሙም የራሱ ትርጉም አለው፤ እዚህ ግን ሰሙ ባዶ ነው፣ ጣፋጭ ድምፅ ብቻ። ወርቁን የሚያገኘው የተነገረው ወይም በወረቀት ያየው ሰው ነው። ለወላጅ ደግሞ ይሄ ትልቅ ደስታ ነው። ስሙን በተናገሩ ቁጥር እንቆቅልሽ ይጠይቃሉ፤ ሰሚው «አሃ!» ይላል። ለአንዲት ሕፃን ስም ይሄን ያህል አገር ማግኘት ቀላል አይደለም።

ታዲያ ሄቨን ብሎ በግልጽ መጥራት አይሻልም? የሚጠሩ አሉ፤ አሜሪካም አለ፣ አዲስ አበባም አለ። እኛማ ገነት ስንል ስንት ዘመናችን። ግን ለብዙ አሜሪካዊ ሄቨን ትንሽ ይከብዳል፤ እምነትን ደረት ላይ እንደ መለጠፍ ነው። ነቬያ እምነቱን በኪስ ትይዘዋለች። የሚያምነው ያውቃታል፤ የማያምነው ቆንጆ ስም ብሎ ያልፋል።

እምነትን ስም ማድረግ ራሱ ለአሜሪካ አዲስ አይደለም። በ1620 ሜይፍላወር በተባለችው መርከብ ከተሻገሩት መሪዎች አንዱ ዊልያም ብሩስተር ነበር። ልጆቹን ምን እንዳላቸው ስሙ። ሴቶቹ ትዕግሥት እና ፍርሃት። ከወንዶቹ ሁለቱ ደግሞ ፍቅር እና ትግል። የእንግሊዝኛውን ቃል እንዳለ ነው ያወጣላቸው። ከዚህ ቤት ነቬያ ብትወለድ የሚደነግጥ አይኖርም ነበር።

ስምን መገልበጥም ቢሆን የቆየ ጨዋታ ነው። ስኮትላንድ ውስጥ ሴንጋ የሚባሉ ሴቶች አሉ፤ አግነስ ሲገለበጥ ነው። የቤዝቦሉ ኮከብ ኖማር ጋርሲያፓራ ስሙን ያገኘው ከአባቱ ነው፤ የአባቱ ስም ራሞን። የኦፕራ ዊንፍሪ ኩባንያ ሃርፖ የተባለው ኦፕራን ገልብጠው ነው። ኦፕራ ራሷ የተሰየመችው በመጽሐፈ ሩት ላይ ባለችው በዖርፋ ነበር፤ ሰዉ በእንግሊዝኛ ሲጠራት ሁለት ፊደል እያፋለሰ ኦፕራ አደረጋት። ፊደል ማፋለስ ስም የሚወልድበት አገር ነው።

ማፋለስ ካልኩ፣ የነቬያ ዋናው ጣጣ እዚያ ላይ ነው። መሃል ላይ ያሉት ኢ እና ኤ ይምታታሉ። ብዙ ወላጅ ቦታቸውን ቀያይሮ ጻፋቸው። ሲጠራ ልዩነት የለውም። ሲገለበጥ ግን ሰማይ አይወጣም፤ ሆሄው የተሳሳተ ሰማይ ነው የሚወጣው። መዝገቡ ደግሞ እያንዳንዱን አጻጻፍ እንደ ሌላ ስም ነው የሚቆጥረው። ይሄ የተፋለሰው አጻጻፍም ራሱን ችሎ ከመጀመሪያዎቹ 1 ሺህ ታዋቂ ስሞች ውስጥ ገባ። ስንት ልጅ ወርቁ የጠፋበት ቅኔ ተሸክሞ ይኖራል ማለት ነው።

ፌዙም አልቀረም። ነቬያ ገና በጠዋቱ የ«ምን ዓይነት ስም ነው» ሰዎች መጫወቻ ሆነች። እንደ አክስቴ «ሰማይ ተገልብጦ ሲኦል» ያሉ አሜሪካኖችም ሞልተዋል። በእኔ ግምት ከፌዙ ጀርባ ስሙ ሳይሆን ስሙን የሚያወጣው ሰው ነው ያለው። አዲስ ስም መፍጠር በአሜሪካ ከደሃና ከጥቁር ቤተሰብ ጋር ይያያዛል፤ ሀብታሙ ደግሞ ያያቱን ስም አራግፎ ያወጣል። ይሄ ንቀት ኪስም ይነካል። በ2004 በታተመ የታወቀ ጥናት፣ የኢኮኖሚ ተመራማሪዎቹ ማሪያን በርትራንድ እና ሰንዲል ሙላይናታን ወደ 5,000 የሚሆኑ የፈጠራ ሲቪዎችን ቦስተንና ቺካጎ ለወጡ የሥራ ማስታወቂያዎች ላኩ። ኤሚሊና ግሬግን የመሰሉ የነጭ ስሞች ላኪሻና ጀማልን ከመሰሉ የጥቁር ስሞች 50 በመቶ የበለጠ ተደወለላቸው። ነቬያ ጥናቱ ውስጥ የለችም። አሜሪካ ያሉ የእኛ ሰዎች ለልጃቸው ስም ሲያወጡ «ፈረንጅ ሲያነበው ምን ይላል?» ብለው የሚጨነቁት ግን በባዶ አይደለም።

በነገራችን ላይ እኛም ከዚህ ነፃ አይደለንም። አዲስ አበባ ውስጥ አሁን አሁን የሕፃን ስም ስትጠይቁ ሶልያና፣ ኤልዳና፣ ናታኒያ ትባላላችሁ። ትርጉሙን ስትጠይቁ «በዕብራይስጥ ነው» ይባልና ሁሉም ዝም ይላል። ለስላሳ፣ በ«ና» ወይም በ«ያ» የሚያልቅ። አሜሪካዊቷ እናት ብትሰማ ወዲያው ነው የሚገባት።

አክስቴ ጋ ልመለስ። ከዓመት በኋላ ሌላ ሕፃን መጣችላት። ስሟ? ነቬያ። እናትየዋ ወረቀት ላይ ጽፋ ሰጠቻት፤ ይቺኛዋ ኢ እና ኤ የተቀያየሩባት ናት። በእንግሊዝኛ ሁለት የተለያዩ ስሞች ናቸው። አክስቴ ግን ጡጦዎቹ ላይ ፕላስተር ለጥፋ የምትጽፈው በአማርኛ ነው። ነቬያ፣ ነቬያ። ወተቱ ተቀላቀለባት።

«ታዲያ ምን አደረግሽ?» አልኳት።

«ምን አደርጋለሁ፣ አንዷን ነቬያ ብዬ ጻፍኩ። አንዷን ገነት።»